መልስ፦ ትወናን በፖስታ የሚያስተምሩ ትምህርት ቤቶች በእውነት ነበሩ

«በአንድ አጭር ኮሜዲ ላይ ልጁ ትወናን በፖስታ ሲማር አየሁ፣ ይሄ ነገር በእውነት ነበረ ወይስ የደራሲው ፈጠራ ነው?» ላልከው፣ አዎ ነበረ። ያውም አሜሪካ ውስጥ በፖስታ ማስተማር ትልቅ ንግድ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ የወጡ መጽሔቶችን የኋላ ገጾች ብታይ ማስታወቂያው ሞልቷል። ኩፖኑን ቆርጠህ ትልካለህ፣ ትምህርቱ በየተራ ቤትህ ይመጣል፣ አንተም ትከፍላለህ። አርተር መሬይ የእግር ዱካ የታተመበት ወረቀት እየላከ ዳንስ ያስተምር ነበር። ሃርላን ታርቤል ደግሞ ምትሃት። ሎስ አንጀለስ የነበረው ፓልመር ፎቶፕሌይ የሚባል ድርጅት የፊልም ድርሰት ያስተምር ነበር፤ መጀመሪያ ግን ተሰጥኦህን የሚመዝን መጠይቅ ይልክልሃል። እኔን የሚያናድደኝ ይሄ ነው፣ ፈታኙም ሻጩም አንድ ሰው!

ሁሉም ሌባ ነበር ማለቴ አይደለም። የታርቤል ትምህርት በኋላ በመጽሐፍ ወጥቶ ባለምትሃቶች ዛሬም ይማሩበታል። የዳንስ እርምጃም በሥዕል ሊገባህ ይችላል። ትወና ግን ከፊትህ ቆሞ የሚመልስልህ ሰው ይፈልጋል፣ ድምፅህ ሲዋሽ የሚሰማ፣ እጅህን የት እንደምታደርገው ሲጠፋህ የሚያይና እዚያው የሚያርምህ። ፖስታ ይህን አይችልም፤ ኮሜዲውም የሚያስቀው እዚህ ላይ ነው።

በልጁ ግን አትሳቅበት። እ.ኤ.አ. ከ1896 ጀምሮ ፖስታ እስከ ገጠር ቤቶች መድረስ ጀምሮ ነበር፣ የቲያትር አስተማሪ ግን እዚያ ድረስ አይሄድም። ለብዙ የገበሬ ልጅ ያለው አማራጭ ያ ኩፖን ብቻ ነበር። እንዲህ ያለ ፊልም ስታይ በማን እንደሚያሾፍ ልብ በል፤ በሻጩ ከሆነ ጎበዝ ሥራ ነው፣ በልጁ ከሆነ ግን እኔ አልወድለትም።