ሙሽሪትን በሄሊኮፕተር

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ጤና ይስጥልኝ። ታናሽ ወንድሜ ከአሜሪካ መጥቶ በጥር ሊያገባ ነው። እኛ ደብረ ብርሃን ነን፣ ሙሽሪት መሐል ሜዳ ናት። ወንድሜ በሄሊኮፕተር ካላመጣኋት ብሎ ችክ ብሏል። አዲስ አበባ ያገኘው ደላላ «መንገዱ 20 ደቂቃ ነው፣ የአንድ ሰዓት ብቻ ትከፍላላችሁ፣ አምስት ሰው ይጭናል» ብሎታል። ግማሹን ቀብድ በራሱ ሒሳብ እንድናስገባለት ይጨቀጭቀናል። አባታችን ደግሞ የቱጃር ጉራ ነው ብለው ተቆጥተዋል። ምን ይመክሩናል?
ታላቅ ወንድም፣ ከደብረ ብርሃን

መልስ፦ እንኳን ደስ ያላችሁ። እኔ ጡረታ እስክወጣ ቦሌ አንድ የቻርተር ድርጅት ውስጥ በረራ ሳስተባብር ነው የኖርኩት። ሥራዬ ስልክ ማንሳት፣ ደቂቃ መደመርና የሰው ኪሎ መጠየቅ ነበር። እስቲ ከደቂቃው እንጀምር።

ደላላው 20 ደቂቃ ማለቱ እውነት ነው። ከደብረ ብርሃን መሐል ሜዳ በአየር 70 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በመኪና በጣርማ በር፣ በመዘዞና በሞላሌ ዞራችሁ የምትደርሱበትን፣ በሰዓት 210 ኪሎ ሜትር የሚበር ሄሊኮፕተር ቀጥ ብሎ ያቋርጠዋል። ችግሩ ሄሊኮፕተሩ የሚያድረው አዲስ አበባ መሆኑ ነው። ባዶውን ተነስቶ እናንተ ጋ ለመድረስ 32 ደቂቃ ያህል ይፈጅበታል። ሙሽራውን መሐል ሜዳ ጥሎ በቀጥታ ልመለስ ቢል ደግሞ ሌላ 50 ደቂቃ፣ ያውም ባዶውን። በቻርተር የምትከራየው ሙሉውን ነው። ሰው ኖረበት አልኖረበት፣ የበረረበትን ሰዓት ሁሉ ትከፍላለህ። ሲደመር 1 ሰዓት ከ42 ደቂቃ ሆነ። ደላላው የነገራችሁ አንድ ሰዓት ከየት እንደመጣ እንጃ። ቀሪውን የሚጠይቃችሁ ግን ድንኳኑ ከተተከለ፣ እምቢ ለማለት ከማትችሉበት ቀን በኋላ ነው። አውቃቸዋለሁ።

አሁን ደስ የሚለውን ልንገርህ። ሄሊኮፕተሩ እዚያው ቆሞ ሙሽሪትን ጠብቆ ቢመለስስ? አዲስ አበባ–ደብረ ብርሃን 32፣ መሐል ሜዳ 20፣ ተመልሶ ደብረ ብርሃን 20፣ አዲስ አበባ 32። ድምሩ 1 ሰዓት ከ44 ደቂቃ። ሁለት ደቂቃ ብቻ ጨመረ! በበረራ ሰዓት ሙሽሪት በነጻ መጣች ማለት ነው። የሚጨመርባችሁ የማስጠበቂያ ሒሳብ ነው፣ እሱንም አስቀድማችሁ ተደራደሩ። ስለዚህ ከተከራያችሁ አይቀር ደርሶ መልስ አድርጉት። ለመውሰጃ ብቻ ተከራይቶ በመኪና መመለስ ገንዘብ መበተን ነው። በቀን ዝቅተኛ የበረራ ሰዓት የሚያስከፍል ድርጅትም አለና ይህንንም ጠይቁ።

«አምስት ሰው» የተባለውን ግን እርሳው። አምስት ወንበር አለ ማለት አምስት ሰው ይነሳል ማለት አይደለም። ደብረ ብርሃን 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት። አየሩ ባሕር ዳርቻ ካለው ሦስት አራተኛ ያህል ነው የሚከብደው። ሞተሩም ክንፉም የሚሠሩት በዚህ ስስ አየር ነው። ከሰዓት በኋላ ፀሐይ ወጥታ 20 ዲግሪ ሲሞቅ፣ ሄሊኮፕተሩ 3,600 ሜትር ገደማ ላይ የቆመ ያህል ይደክመዋል። መሐል ሜዳ ደግሞ ከ3,000 ሜትር በላይ ነው። ደላሎች «ኤቨረስት አናት ላይ ያረፈ ዓይነት ነው» ማለት ይወዳሉ። በ2005 እ.ኤ.አ. አንድ ኤኩሬይ ሄሊኮፕተር በእርግጥ አርፏል። የነበረበት ግን አብራሪው ብቻ ነው፣ የማያስፈልግ ዕቃም ተነቅሎለት። ሚዜና ኬክ አልጫነም።

ነዳጁም አለ። የአውሮፕላን ነዳጅ የላምባ ዘር ነው፣ መሐል ሜዳ አይሸጥም። የደርሶ መልሱን ከአዲስ አበባ ተሸክሞ መምጣት አለበት። 300 ሊትር ወደ 240 ኪሎ ይመዝናል፣ ሱፍ የለበሱ ሦስት ሚዜዎች በለው። ስለዚህ ሙሽራው፣ ሙሽሪት፣ አንድ ሚዜና አንድ ካሜራ ያዥ ብላችሁ አስቡ። አብራሪው ያንንም ሊቀንስ ይችላል፣ እንዳትጣሉት። ኪሎ ሲጠይቃችሁ እውነቱን ንገሩት። በእኔ ጊዜ ወይዛዝርት በስልክ አሥር ኪሎ ይቀንሱ ነበር፣ እኛም አሥር እንጨምር ነበር።

ማረፊያው ሰፊና ደልዳላ ይሁን። ኳስ ሜዳ ጥሩ ነው፣ የመብራት ሽቦ ካላለፈበት። ድንኳኑ ርቆ ይተከል፣ ንፋሱ ነቅሎ ይወስደዋል። የመንዝ ሰው በፈረስ አጅቦ መቀበል ይወዳል። ፈረሶቹን እባካችሁ አርቁ። ሰው ሁሉ የሚፈራው ከላይ የሚዞረውን ነው። እኔ ይበልጥ የምፈራው የኋለኛውን ትንሹን ክንፍ ነው፣ ሲዞር ዓይን አያየውም። እልል እያሉ በጅራቱ በኩል የሚሮጡ ልጆችን የሚያግድ ጠንካራ ሰው አቁሙ።

በረራው በጠዋት ይሁን። ከሰዓት ንፋሱ ይበረታል፣ ጣርማ በር ላይ ጉም ከጣለም አብራሪው ይመለሳል። ሙሽራ በሰዓቱ እንደማይወጣ ሁላችንም እናውቃለን፣ ፀሐይ ግን ሚዜ ተሰብስቦ እስኪያልቅ አትጠብቅም።

ቀብዱን በደላላው ሒሳብ አታስገቡ። የሚያበረውን ድርጅት ስም ጠይቁ። ከሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣን የተሰጠውን የኦፕሬተር ፈቃድና የተሳፋሪ ኢንሹራንሱን ያሳያችሁ። ውሉ ከድርጅቱ ጋር ይሁን፣ ገንዘቡም በድርጅቱ ሒሳብ ይግባ። በአየር ጠባይ ወይም በጸጥታ ምክንያት ቢሰረዝ ገንዘቡ እንዴት እንደሚመለስ በጽሑፍ ይስፈር። የማረፊያ ፈቃዱንና የአካባቢውን የጸጥታ አካል ይሁንታ ማን እንደሚያወጣም እንዲሁ። ያ ከሌለ ደላላው በታቦት ቢምልም ሄሊኮፕተሩ አይነሳም።

ለአባትህ ደግሞ ይህን በልልኝ። በእኔ ጊዜ ከሙሽራ ይልቅ የዕርዳታ ሠራተኛ፣ መሐንዲስና ቱሪስት ነበር የምናመላልሰው። በፈረንጅ አገርማ ቻርተርን ያስፋፋው ርካሽ ሽርሽር ፈላጊው ነው። በ1950 እ.ኤ.አ. ዲሲ-3 አውሮፕላን ተከራይተው ከእንግሊዝ ኮርሲካ ደሴት ከሄዱት መካከል መምህራንና ተማሪዎች ነበሩበት። የእናንተው ግን፣ እውነቱን ለመናገር፣ ትንሽ ጉራ አለበት። በሠርግ ጉራ ደግሞ ያለ ነው።

ጥያቄ፦ እናቴ ሳንባዋን ታማ ደብረ ብርሃን ሆስፒታል ተኝታለች። ወደ አዲስ አበባ ሪፈር ተጽፎላታል። ውጭ ያሉ ወንድሞቼ ሄሊኮፕተር እንከራይ ይላሉ። ከመኪና አይሻልም?
ልጅዋ፣ ከደብረ ብርሃን

መልስ፦ እግዚአብሔር ይማርልሽ፣ ልጄ። በትልቅ አውሮፕላን ስትሄጂ ውስጡ አየር ይታመቃል፣ ቢበዛ 2,400 ሜትር ከፍታ ላይ እንዳለሽ ያህል ነው የምትተነፍሺው። ሄሊኮፕተር ይህ የለውም። ከደብረ ብርሃን ሲነሳ ደግሞ ካላችሁበት ከፍታ በላይ ይወጣል። ለታመመ ሳንባ ይህ ቀላል አይደለም። በዚያ ላይ ከሆስፒታል ወደ ማረፊያው፣ ከቦሌም ወደ ሕክምናው ሁለት ጊዜ አምቡላንስ ያስፈልጋታል። መንገዱ 130 ኪሎ ሜትር አስፋልት ነው። እኔ ብሆን ኦክስጅንና ነርስ ባለው አምቡላንስ ወስጄ ገንዘቡን ለሕክምናዋ አስቀምጠው ነበር።

ሐኪሟ በአየር ትሂድ ካለ ግን በዋጋ አትጀምሪ። መጀመሪያ የሕመምተኛ አልጋ ይገባ እንደሆነ ጠይቂ። ቀጥሎ ኦክስጅን ሲሊንደር እናንተ ትይዛላችሁ ወይስ እኛ በዪ። ያለ ድርጅቱ ፈቃድ ሲሊንደር ይዘሽ ብትሄጂ በር ላይ ያስቀሩብሻል።