መልስ፦ የድሮ የፊልም ምስሎችን ፈልጎ ስለሚያወጣው ባለሙያ

በዘጋቢ ፊልሞች ውስጥ የምናያቸውን የድሮ ምስሎች ፈልጎ የሚያወጣው ሰው ሥራው ምን እንደሚመስል ለጠየቁት፣ ከሶቪየቷ የፊልም አዘጋጅ ኤስፊር ሹብ ሕይወት የተሻለ ማሳያ ያለ አይመስለኝም። የውጭ አገር ፊልሞችን ለሶቪየት ተመልካች እንዲስማሙ እየቆረጠችና እየቀጠለች ሙያውን የተማረችው ሹብ፣ እ.ኤ.አ. በ1926 ወደ ሌኒንግራድ ተጉዛ እርጥበት በበላቸው ምድር ቤቶች የተከማቹ የፊልም ጥቅልሎችን ሁለት ወር ያህል ስትመረምር ቆየች፤ ካየችው 60,000 ሜትር ፊልም ውስጥም 5,200 ሜትሩን ብቻ መርጣ ወደ ሞስኮ ወሰደች። ከዚህ ክምችት በ1927 ባዘጋጀችው «የሮማኖቭ ሥርወ መንግሥት ውድቀት» በተሰኘው ፊልም ላይ፣ መኳንንቱ በመርከብ ላይ ጨፍረው ላባቸውን ሲጠርጉ ከታዩ በኋላ መሬት የሚቆፍር ገበሬ ይከተላል። እኔን ከሁሉ ይበልጥ የሚያስደንቀኝ፣ የዛሩ፣ ማለትም የሮማኖቩ የሩሲያ ንጉሠ ነገሥት፣ ቤተሰብ ለራሱ መታሰቢያ ያስቀረጸውን ምስል መልሳ በእሱው ላይ ምስክር ማድረጓ ነው።