የአብጃታ ውኃ የት ሄደ?

ጥያቄ፦ በልጅነቴ ከብት ያጠጣሁበት የአብጃታ ሐይቅ ዳርቻ ዛሬ ነጭ የጨው ሜዳ ሆኗል። አንዳንዶች የሶዳ አሽ (ለመስታወትና ለሳሙና መሥሪያ የሚሆን የሶዳ ጨው) ፋብሪካውን፣ ሌሎች የመስኖ እርሻውን ይወቅሳሉ። እውነቱ የቱ ነው? እንጀራችንስ ከዚሁ ልማት አይደለም ወይ?
(አንባቢ፣ ከባቱ)

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ የሁለቱም እጅ አለበት። አብጃታ መውጫ የሌለው ሐይቅ ስለሆነ ህልውናው የተመሠረተው በሚገባለት ውኃ ላይ ሲሆን፣ ከዚህም ዋነኛ ምንጮቹ አንዱ ከዝዋይ ሐይቅ የሚነሣው የቡልቡላ ወንዝ ነው። ዝዋይን ደግሞ የሚሞሉት የመቂና የካታር ወንዞች ናቸው። ስለዚህ መቂ ላይ ለቲማቲምና ለሽንኩርት በፓምፕ የሚሳበው፣ ባቱ ላይም የአበባ እርሻው የሚጠቀመው ውኃ ሁሉ አብጃታ ከሚደርሰው ላይ ይቀነሳል። ፋብሪካው በበኩሉ ሶዳ አሹን ለማውጣት የሐይቁን ውኃ በቀጥታ ወደ ማትነኛ ገንዳዎች ሲስብ ኖሯል።

ውኃው ሲጎድል ጨዋማነቱ በረታ፤ ዓሣውም አለቀ። በሻላ ሐይቅ ደሴቶች ላይ እንቁላላቸውን የሚጥሉት ነጭ ፔሊካኖች፣ ሻላ እጅግ ጥልቅ ቢሆንም ዓሣው እምብዛም ስለሆነ፣ ጫጩቶቻቸውን የሚመግቡት ከአጎራባቹ አብጃታ ዓሣ እያጠመዱ ነበር። ይህን ስጽፍ ከልቤ አዝናለሁ።

በሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች የሚሠሩበት የአበባ እርሻ ይዘጋ አልልም፤ እንጀራ የቆመበትን ማፍረስ መፍትሔ አይሆንም። የምሞግተው ግን፣ ቡልቡላ በበጋ ለአብጃታ ማድረስ የሚገባው ዝቅተኛ የውኃ መጠን አስቀድሞ ተወስኖ፣ ለመስኖም ሆነ ለፋብሪካ የሚደለደለው ከዚያ የተረፈው ብቻ እንዲሆን፣ የእያንዳንዱ ፓምፕ ፍጆታም እንዲለካ ነው።