ከኮረም እስከ ሂሮሺማ፦ የአቶሚክ ቦምብን በዐይናቸው ስላዩ ሐኪሞች መጻሕፍት ለቀረበው ጥያቄ

በባሕር ዳር የሕክምና ትምህርታቸውን በመከታተል ላይ ያሉት እኅታችን፣ የሐኪሞችን ሕይወትና የኒውክሌር ጦር መሣሪያ በሰው አካል ላይ ያደረሰውን ጉዳት አንድ ላይ የሚያሳዩ መጻሕፍት እንድንጠቁማቸው ጠይቀዋል፤ እንዲህ ያለው ንባብ በጣና ዙሪያ ለሚሠራ ሐኪም ምን እንደሚጠቅመውም ማወቅ ፈልገዋል። እኔ ሐኪም አይደለሁም። አብዛኛውን የሥራ ዘመኔን በላቦራቶሪ ባለሙያነት ያሳለፍኩ ሰው ስለሆንኩ የምመልሰው በማይክሮስኮፕ ላይ ካጎነበስኩበት ወንበር ሆኜ ነው።

አስቀድመው እንዲያነቡ የምመክረው የዶክተር ሚቺሂኮ ሃቺያን የሂሮሺማ የዕለት ማስታወሻ ነው። ሃቺያ በከተማዋ የአንድ ሆስፒታል ዳይሬክተር ነበሩ፤ ማስታወሻቸው ቦምቡ ከወደቀበት እ.ኤ.አ. ከኦገስት 6 ቀን 1945 ጀምሮ እስከ ሴፕቴምበር 30 ይዘልቃል። እርሳቸውም ክፉኛ ቆስለው፣ በራሳቸው ሆስፒታል ተሰፍተው ከሕሙማኑ መካከል ተኝተው ነበር። ከመጽሐፉ ሁሉ እኔን አጥብቆ የያዘኝ ሐኪሙ የገጠማቸውን በሽታ ምንነት የማያውቁባቸው ቀናት ናቸው። ሕሙማን ተቅማጥና ደም ሲጀምራቸው ሃቺያ የተቅማጥ ወረርሽኝ የገባ መስሏቸው ሕሙማኑን ለይተው ለማስተኛት ተሰናዱ። ከዚያ በኋላ ውጫዊ ቁስል ያልነበረባቸው ሰዎች ጭምር ፀጉራቸው ይረግፍ፣ ቆዳቸው ላይ ሐምራዊ ነጠብጣብ ይወጣ ጀመር። ሁለት ሳምንት ያህል ቆይቶ ከቶኪዮ ማይክሮስኮፕ ሲደርሳቸው ሰውነትን ከተሐዋስያን የሚከላከለውን የነጭ የደም ሕዋስ መቁጠር ጀመሩ፤ በጤነኛ ሰው በአንድ ኪዩቢክ ሚሊ ሜትር ደም ውስጥ ከ4,000 በላይ የሚሆነው ቁጥር በጽኑ በታመሙት ላይ ከ1,000 በታች ወርዶ አገኙት።

የዚህን ምክንያት ዛሬ እናውቀዋለን። ጨረር ቶሎ ቶሎ የሚባዙ ሕዋሳትን፣ ማለትም የአጥንት መቅኔን፣ የአንጀትን የውስጥ ሽፋንና የፀጉርን ሥር አስቀድሞ ይመታል፤ መቅኔው የደም ሕዋሳትን ማምረት ካቆመ በኋላ በደም ውስጥ የቀረው ሕዋስ እያለቀ ሲሄድ፣ ከሞት የተረፈ የመሰለው ሰው ከቀናት ወይም ከሳምንታት በኋላ ይወድቃል። ሃቺያ ግን ይህን የነገራቸው መጽሐፍ አልነበረም። ቁጥሩን ጽፈው፣ ታማሚው ፍንዳታው ሲደርስ የት እንደነበረ ጠይቀው፣ ሁለቱን አስተያይተው ነው የደረሱበት።

ይህንን ክፍል ሳነብ 1997 ዓ.ም. ትዝ አለኝ። በዚያን ጊዜ ከጣና በስተምሥራቅ በሚገኝ ጤና ጣቢያ እሠራ ነበር። በሊቦ ከምከም ወረዳ ትኩሳቱ የማይለቃቸው፣ ሰውነታቸው የሟሸሸ፣ ጣፊያቸው ያበጠ ሰዎች በዝተው ይመጡ ነበር፤ ሁሉም የሚታከሙት የወባ መድኃኒት ባልበገረው ወባ ታመዋል እየተባለ ነበር። በኋላ በሽታው በአካባቢው የማይታወቅ የነበረው፣ በአሸዋ ዝንብ ንክሻ የሚተላለፈው ካላዛር መሆኑ ተረጋገጠ። ካላዛርም ነጭ የደም ሕዋስን ያወርዳል። እኔ በስላይዱ ላይ የወባን ተሐዋሲ እያጣሁ፣ ዝቅተኛውን የነጭ ሕዋስ ቁጥር ግን በመዝገቡ ላይ በእጄ እየጻፍኩ፣ ይህ ነገር ለምን ሆነ ብዬ ማንንም ሳልጠይቅ ብዙ ሳምንት አልፌያለሁ። ከእነዚያ ታማሚዎች መካከል የማልረሳቸው አሉ። እኅታችን ጥቅሙ ምንድን ነው ላሉት መልሴ ይኸው ነው፤ ያላወቁትን ነገር በሚያውቁት ስም ሳይጠሩ፣ ያዩትን እንዳዩት መዝግቦ መከታተልን ከሃቺያ የተሻለ ያስተማረኝ የለም።

የጆን ኸርሲ «ሂሮሺማ» እ.ኤ.አ. በ1946 የወጣ የጋዜጠኛ ሥራ ቢሆንም ከስድስቱ ባለታሪኮች ሁለቱ ሐኪሞች ናቸው። ወጣቱ ዶክተር ሳሳኪ በቀይ መስቀል ሆስፒታል ጉዳት ያልደረሰባቸው ብቸኛው ሐኪም ነበሩ፤ መነጽራቸው ስለጠፋ ከአንዲት የቆሰለች ነርስ ወስደው አደረጉ፤ 600 አልጋ ወዳለው ሆስፒታል 10,000 ያህል ቁስለኛ ጎረፈ። በዚያው ሆስፒታል ምድር ቤት የተቀመጠው የራጅ ፊልም በሙሉ፣ ብርሃን እንዳየ ፊልም፣ በጨረር ተበላሽቶ መገኘቱን ኸርሲ በአጭሩ ይነግሩናል። ፊልም በጨለማ ክፍል ያጠበ ሰው ይህ ምን ያህል እንደሚያስደነግጥ ይገባዋል።

የናጋሳኪውን ዶክተር ታካሺ ናጋይን በተመለከተ፣ እርሳቸው የራጅ ሐኪም ሲሆኑ ከቦምቡ በፊት በሥራቸው ምክንያት የደም ካንሰር ይዟቸው ነበር፤ ባለቤታቸውን በቦምቡ አጥተው እ.ኤ.አ. በ1951 አረፉ። መጽሐፋቸው ልብ ይነካል፤ ይሁን እንጂ እልቂቱን ለእግዚአብሔር እንደ ቀረበ መሥዋዕት የሚመለከቱበትን ሐሳብ ልቀበለው አልቻልኩም። የሌላው የናጋሳኪ ሐኪም የዶክተር አኪዙኪ መጽሐፍም ጥሩ ነው፤ ለሠራተኞቻቸው ያዘዙት ጨውና የአኩሪ አተር ሾርባ ከጨረር ያድናል የሚለውን ግን እንደ እምነት እንጂ እንደ ሕክምና አይውሰዱት።

ለእኛ አገር አንባቢ ከሁሉም ይልቅ የሚቀርበው የስዊሱ ሐኪም የማርሴል ዡኖ መጽሐፍ ነው ብዬ አምናለሁ። ዡኖ የቀይ መስቀል ተወካይ ሆነው በመጀመሪያ የተላኩት በጣልያን ወረራ ጊዜ ወደ ኢትዮጵያ ነበር፤ በኮረም በመርዝ ጋዝ የተቃጠሉ ወታደሮች ከዛፍ ሥር ተኝተው «አቤት፣ አቤት» ሲሉ የሰሙትን በመጽሐፉ ጽፈዋል። እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 1945 ደግሞ ከአሥር ቶን የሚበልጥ የሕክምና ቁሳቁስ ይዘው ሂሮሺማ ከደረሱት የመጀመሪያዎቹ የውጭ አገር ሐኪሞች አንዱ ሆኑ። እነዚያን ወታደሮች ያቃጠለው የሰናፍጭ ጋዝ ቆዳንና ሳንባን ከማቃጠሉ በላይ እንደ ጨረር የአጥንት መቅኔን እንደሚጎዳና ነጭ የደም ሕዋስን እንደሚያወርድ ለሕክምና ተማሪ መንገር አያስፈልግም። የጎጃም ገዥ በነበሩት በራስ እምሩ የሚመራው ጦር በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. በተከዜ ላይ በዚሁ ጋዝ ተመቷል። የአያቴ ወንድም ከዚያ ዘመቻ እግሩ ተልጦ ተመልሶ ከጥቂት ወራት በኋላ በትኩሳት እንደሞተ በቤታችን ይነገር ነበር፤ ደሙን የቆጠረለት ሰው አልነበረም።

እኔ ዘንድ የዡኖና የሃቺያ መጻሕፍት በእንግሊዝኛ አሉኝ። እኅታችን ለፈተና ካልተጣደፉ፣ በመጀመሪያ ሃቺያን እስከ መጨረሻው፣ ከዚያ በዡኖ ውስጥ የኢትዮጵያንና የሂሮሺማን ምዕራፎች አከታትለው እንዲያነቡ በደስታ አውሳቸዋለሁ።