የቀላው ካንዴላና «ኦርጋኖሜታሊክ» የሚለው ቃል

ከአጋሮ የጻፉልን አንባቢ በቡና ንግድ የተሰማሩ ሲሆኑ፣ ጥያቄያቸው ባጭሩ የሚከተለው ነው። ባለ አራት ሲሊንደር ቪትዝ መኪናቸው በከተማ ውስጥ ያለ ችግር ትሄዳለች፤ ነገር ግን ከጊቤ ሸለቆ ተነሥታ ወደ ሰኮሩ ስትወጣ፣ ወይም ጅማ ላይ የጅሬንን ዳገት ስትይዝ፣ ሞተሩ ይቆራረጣል፣ ጉልበት ያጣል፣ የሞተር ምልክት መብራትም ብልጭ ድርግም ይላል። የመጀመሪያው ጋራዥ ሁለት ኮይል (ለካንዴላ የኤሌክትሪክ ኃይል የሚልከውን ዕቃ) ለወጠ፤ ሁለተኛው ቤንዚኑን በብልጭታ የሚያቀጣጥሉትን ካንዴላዎች በሽቦ ብሩሽ ፈትጎ መለሳቸው። ካንዴላዎቹ ሲወጡ አራቱም «እንደ ሸክላ ቀይ» ነበሩ፤ መካኒኩም «የታንክ ዝገት ነው» ብሏቸዋል። ከሦስት ወር በፊት በጀሪካን የገዙት ቤንዚን ሞተሩን ስላንኳኳባቸው፣ ከዚያ ወዲህ ታንክ በሞሉ ቁጥር አንድ ጠርሙስ የኦክቴን (ቤንዚኑ ማንኳኳትን የሚቋቋምበት መጠን) ማሳደጊያ ይጨምራሉ። በጠርሙሱ ላይ «ኦርጋኖሜታሊክ» የሚል ቃል አለ፤ ሻጩ «እንደ ኦርጋኒክ ቡና ማለት ነው፣ ሞተር አይጎዳም» ብሏቸዋል። ቃሉ በእርግጥ ምን ማለት እንደሆነና መኪናዋን እንዴት እንደሚያድኗት ይጠይቃሉ።

ደብዳቤዎን አንብቤ ሳልጨርስ የጠረጠርሁት ጠርሙሱን ነው፤ አንብቤ ከጨረስሁ በኋላም ሐሳቤን አልለወጥሁም። የታንክ ዝገት ፊልትሮ ይደፍናል፣ ቢብስ ኢንጀክተር ይዘጋል እንጂ፣ ፊልትሮውን አልፎ የአራቱንም ሲሊንደር ካንዴላ በእኩል ቀለም አይቀባም። ዘይት የሚበላ ሞተር ቢሆን ኖሮ በካንዴላው ላይ የሚቀረው ነጭ ወይም ግራጫ አመድ ይሆን ነበር። ድብልቁ ቤንዚን ቢበዛበት ደግሞ ጥቁር ጥላሸት ይታይ ነበር። ደረቅ፣ ስስ፣ በነጩ ሸክላ ላይ እንደ ቀለም የተጣበቀ የሸክላ ቀይ፣ አራቱም ላይ እኩል ሆኖ ሲገኝ፣ ብረት ከቤንዚኑ ጋር አብሮ ገብቶ እየተቃጠለ ነው ማለት ነው። በጠርሙሱ ጀርባ በትንንሽ ፊደል ከተጻፉት መካከል «ፌሮሲን» የሚል የብረት ውሕድ ስም ካገኙ ጥርጣሬዬ ተረጋግጧል።

መኪናዋ ሜዳ ላይ ጤነኛ፣ ዳገት ላይ በሽተኛ የምትሆነውም በዚሁ ምክንያት ነው። ይህ ቀይ ሽፋን ሲቀዘቅዝ ኤሌክትሪክ አያሳልፍም፤ ሲግል ግን ማሳለፍ ይጀምራል። በዳገት ላይ የካንዴላው አፍንጫ በጣም ሲሞቅ፣ ብልጭታ ሆኖ በክፍተቱ መዝለል የነበረበት ኃይል በሽፋኑ ላይ እየተንሸራተተ ወደ ሞተሩ አካል ይፈስሳል። ሞተሩ ቀዝቅዞ በጋራዥ ውስጥ በቴስተር ሲለካ ሁሉም ነገር ደህና የሚመስለው ለዚህ ነው፤ የመጀመሪያው ጋራዥም ምንም ስላጣ ሁለት ኮይል ሸጠልዎት። ኮይል መጠርጠር ነውር አይደለም፤ ግን ኮይልን ከአንዱ ሲሊንደር ወደ ሌላው አዛውሮ ሕመሙ አብሮት መሄዱን ማየት አሥር ደቂቃ የማይፈጅና ገንዘብ የማይጠይቅ ሥራ ነው። የሽቦ ብሩሹ ግን ይቅር የማልለው ጥፋት ነው። ብሩሹ ቀዩን ሽፋን በከፊል አንሥቶ በምትኩ የራሱን የብረት ጭረት በሸክላው ላይ ይተዋል፤ ጭረቱ ደግሞ ሳይሞቅም ኤሌክትሪክ ያሳልፋል። እነዚያን ካንዴላዎች አይመልሷቸው።

አሁን ወደ ቃሉ ልምጣ፤ እዚህ ላይ ትንሽ ብረዝም አንባቢው ይታገሠኝ። «ኦርጋኖ» የሚለው «ኦርጋኒክ» ከሚለው የመጣ ነው፤ በኬሚስትሪ ግን ኦርጋኒክ ማለት የካርቦን ውሕድ ማለት እንጂ ያለ ፀረ ተባይ የበቀለ ማለት አይደለም። በቡና ከረጢት ላይ ያለው ኦርጋኒክና በጠርሙሱ ላይ ያለው ኦርጋኖ በስም ቢመሳሰሉም ሻጩ የነገረዎት ዝምድና የላቸውም። በኬሚስቶች አነጋገር ቤንዚን ራሱ ኦርጋኒክ ነው፤ ማንም ግን አይጠጣውም። ማንም አይጠጣውም ብዬ እንዳልደመድም፣ ቱቦ አፉ ውስጥ ከትቶ ቤንዚን የሚስብ ሰው በየጊዜው አያለሁ፤ ስለዚህ ጉዳይ ከዚህ በታች ደግሜ እናገራለሁ።

ኦርጋኖሜታሊክ የሚባለው ቢያንስ አንድ የሜታል አቶም ከካርቦን አቶም ጋር በቀጥታ የተያያዘበት ውሕድ ነው። ሜታል ስል ብረትን፣ እርሳስን፣ ዚንክን፣ ማንጋኒዝንና የመሳሰሉትን ሁሉ ማለቴ ነው። የትርጉሙ ቁልፍ «በቀጥታ» የሚለው ቃል ነው። ለምሳሌ በየጋራዡ ያለውን ሊትየም ግሪስ ብንወስድ፣ ውስጡ ሊትየም የተባለ ሜታልም፣ ብዙ ካርቦን ያለበት የስብ አሲድም አለ፤ ሆኖም በሁለቱ መካከል ኦክስጅን እንደ አማላጅ ስለቆመ ግሪሱ ኦርጋኖሜታሊክ አይባልም። በሞተር ዘይት ውስጥ ጥርስና ካም እንዳይበላ የሚጨመረው የዚንክ ውሕድም እንደዚሁ ነው፤ ዚንኩ የተያያዘው ከድኝ ጋር ነው፣ ካርቦኑ ከዚያ ወዲያ ነው። ሜታል ያለበትን ማናቸውንም ተጨማሪ ኬሚካል ሁሉ ኦርጋኖሜታሊክ ብለው የሚጠሩ ሻጮች ስላሉ ይህን ልዩነት ማወቅ ይጠቅማል። ቃሉን የፈጠረው ኤድዋርድ ፍራንክላንድ የተባለው እንግሊዛዊ ኬሚስት ሲሆን፣ በ1849 እ.ኤ.አ. ገደማ ዚንክን ከካርቦን ጋር በቀጥታ አያይዞ የሠራው ፈሳሽ አየር ሲነካው በራሱ የሚነድድ ነበር።

ታዲያ ሜታሉን ከካርቦን ጋር ማያያዝ ለምን አስፈለገ? የዝገት ዱቄት ቤንዚን ውስጥ ቢጨምሩ ወደ ታች ይዘቅጣል እንጂ አይሟሟም። ሜታሉ የካርቦን ልብስ ሲለብስ ግን ቤንዚኑ እንደ ዘመዱ ይቀበለዋል፤ ተሟሙቶ እስከ ሲሊንደሩ ይደርሳል፤ እዚያ ሙቀቱ ልብሱን ሲያቃጥልበት ሜታሉ ብቻውን ይቀርና ቤንዚኑ ያለጊዜው እንዳይፈነዳ ያደርጋል፤ ማንኳኳቱም ይቆማል። የዚህ ዘዴ ታላቅ ወንድም ቴትራኤቲል ሌድ ነው፤ አንድ የእርሳስ አቶም ከአራት የካርቦን ቅርንጫፎች ጋር በቀጥታ የተያያዘበት ፈሳሽ ነው። አሜሪካዊው መሐንዲስ ቶማስ ሚጅሊ ማንኳኳትን እንደሚያስቆም ያገኘው በ1921 እ.ኤ.አ. ሲሆን ከ1923 ጀምሮ በቤንዚን ተቀላቅሎ ተሸጠ፤ እርሳሱ ግን ሰውን ስለሚመርዝ ከዓለም የመኪና ቤንዚን ውስጥ ጨርሶ የወጣው በ2021 እ.ኤ.አ. አልጄሪያ ስታቆም ነው። በጠርሙስዎ ላይ «እርሳስ የለበትም» ተብሎ ተጽፎ ከሆነ እውነት ነው፤ እርሳስ የለበትም ማለት ግን ሜታል የለበትም ማለት አይደለም።

ፌሮሲን የተገኘው በ1951 እ.ኤ.አ. ነው። ብርቱካናማ ቀለም ያለው ጠጣር ሲሆን፣ አሠራሩን የገለጡትን ኤርንስት ኦቶ ፊሸርንና ጄፍሪ ዊልኪንሰንን በ1973 የኖቤል ሽልማት አስገኝቶላቸዋል። ደንበኛዬ የሆኑ አንድ የኬሚስትሪ መምህር የፍሬን ሸራቸው እስኪቀየር ድረስ ከሥራ ጠረጴዛዬ ላይ ሁለት ሮንዴላና አንድ ትንሽ ዳዶ አንሥተው፣ ዳዶውን በሁለቱ ሮንዴላዎች መካከል አስገብተው በጣታቸው ጠበቅ አድርገው አሳዩኝ። ዳዶው ብረቱ ነው፤ እያንዳንዱ ሮንዴላ የአምስት ካርቦን ቀለበት ነው፤ ብረቱ ከአንዱ ካርቦን ጋር ብቻ ሳይሆን ከአሥሩም ጋር ተያይዟል። ኬሚስቶች እንዲህ ያለውን አሠራር «ሳንድዊች» ይሉታል። ከክብደቱ 30 በመቶው ብረት ነው፤ ስለዚህ 10 ግራም ፌሮሲን ውስጥ 3 ግራም ብረት አለ፣ ይህም ሲቃጠል ወደ 4.3 ግራም ቀይ ዝገት ይሆናል። አብዛኛው በማርሚታ ይወጣል፤ የሚቀረው ካንዴላዎን ቀባ። ሮንዴላው ይቃጠላል፣ ዳዶው አይቃጠልም።

የእኔ ቅሬታ በኬሚስትሪው ላይ አይደለም፤ መጠኑን ሳይጽፍ ጠርሙስ በሚሸጠው ላይ ነው። ከዚህም በላይ ጠርሙሱ መጀመሪያውንም አያስፈልግዎትም ነበር። ጅማ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 1,750 ሜትር ገደማ ናት፤ አጋሮም ከዚያ ብዙ አትርቅም። በዚህ ከፍታ አየሩ ስስ ስለሆነ ተርቦ የሌለው ሞተር የሚፈልገው ኦክቴን በባሕር ዳርቻ ከሚፈልገው ያነሰ ነው። ያንኳኳው ቤንዚኑ ላምባ ተቀላቅሎበት እንደሆነ እገምታለሁ፤ መድኃኒቱም ቤንዚኑን መለወጥ ነው።

ወደ ሥራው እንግባ። መጀመሪያ በታንኩ ውስጥ የቀረውን ቤንዚን ያውጡ። ቤንዚን በአፍ አይሳብም። አንድ ጉንጭ ተሳስቶ ወደ ሳንባ ቢገባ ሳንባን ያቆስላል፤ ሜታል ያለበት ሲሆን ደግሞ ሌላ መርዝ ይጨመርበታል፤ የዋጠ ሰው ካለም እንዲያስመልሰው ሳይገፋፉት ወዲያው ወደ ሐኪም ይወሰድ። የእጅ ፓምፕ ዋጋው ከአንድ ካንዴላ ዋጋ ብዙም አይርቅም። የቪትዝ የነዳጅ ፓምፕ መክፈቻ ብዙውን ጊዜ ከኋላ መቀመጫ ሥር ስለሚገኝ፣ የባትሪውን ኔጌቲቭ ፈትተው፣ ደጅ ላይ፣ ጓንት አድርገው በዚያ በኩል ይቅዱ። የቡና ከሰል በአቅራቢያው አይኑር፤ በጅማ ጋራዦች ጀበናው ሁልጊዜ አጠገብ ስለሚሆን ይህን መጻፍ ግድ ሆኖብኛል።

ቀጥሎ ሞተሩ በደንብ ሲቀዘቅዝ አራቱንም ካንዴላ ይለውጡ። ካንዴላው የሚታሰርበት የሞተሩ ራስ (ቴስታታው) አሉሚኒየም ስለሆነ በሙቀቱ ከፈቱት ጥርሱን ይዞ ይወጣል። አዲሱን ካንዴላ ከመግዛትዎ በፊት ሱቁ ውስጥ በቴስተር ከላይኛው ጫፍ እስከ መካከለኛው ጫፍ ይለኩት፤ ባለ ሬዚስተር ካንዴላ ወደ 5 ኪሎ ኦም አካባቢ ያነብባል። ዜሮ የሚያነብብ ወይም ጨርሶ የማያነብብ ከሆነ ማሸጊያው ምንም ያህል ቢያምር ይመልሱት፤ በገበያ ላይ ያለው ሐሰተኛ «ኢሪድየም» ሆዴን ያቃጥለዋል፤ ሸክላው በጣት ሲነካ ሻካራ ነው፣ የመካከሉ ጫፍ እንደ ምስማር የወፈረ ነው፣ ዋጋው ግን የእውነተኛው ነው። ክፍተቱን ለሞተሩ የተጻፈውን ተከትለው ያስተካክሉ። በእጅ እስኪቆም ካጠበቁት በኋላ ቶርክ ሬንች ከሌለዎት አዲስ ሮንዴላ ያለውን ካንዴላ ግማሽ ዙር፣ ቢበዛ ሁለት ሦስተኛ ዙር ብቻ ይጨምሩለት። የተለወጡት ኮይሎች አዲስ ከሆኑ ይቆዩ፤ የድሮዎቹ ካልተጣሉ ግን መልሰው ይጠይቁ፣ የእርስዎ ናቸው።

ከማደያ ንጹሕ ቤንዚን ሞልተው በመኪናዋ ኮምፒውተር ውስጥ ያለውን የስሕተት መዝገብ ካስጠፉ በኋላ ሁለት ታንክ ያለ ጠርሙስ ይንዱ። መብራቱ ብልጭ ድርግም እያለ በዳገት መንዳት ግን ይቁም፤ ሳይቃጠል የሚወጣው ቤንዚን ካታሊቲክ ኮንቨርተሩን (ጭሱን የሚያጣራውን ዕቃ) እጅግ ያግለዋል፣ እንደጋለም በደረቅ የቡና ገለባ ላይ ማቆም እሳት ያስነሣል። ከሁለት ታንክ በኋላ መብራቱ ዳግም ከበራ በጭሱ ውስጥ ያለውን ኦክስጅን የሚለካው የፊተኛው ኦክስጅን ሴንሰር ቀይ ለብሶ ሊሆን ስለሚችል ያስመርምሩት፤ ካልበራ አይንኩት።

የቀሩትን ጠርሙሶች አይክፈቷቸው፣ ወደ አወቱ ወንዝም ሆነ ወደ አፈር አይድፏቸው፤ ክዳናቸው ጠብቆ ከልጆችና ከሙቀት ርቀው ይቀመጡ። አሮጌ መጋዘን ውስጥ የእርሳስ ውሕድ የተጻፈበት ጣሳ ያገኘ ሰው ካለ ደግሞ፣ በቆዳም በትንፋሽም ስለሚገባ ሳይከፍተው ይተወው። ከታንክዎ የቀዱትን ቤንዚን ለሌላ ሰው ባጃጅ አይስጡ፤ ለመቅዳትም ሆነ ለማሸተት አፍዎን ከቱቦው ያርቁ። ሁለተኛው ታንክ ሲያልቅ ከአራቱ አንዱን ካንዴላ አውጥተው ይመልከቱ፤ የሸክላው አፍንጫ ደብዘዝ ያለ የሻይ ቀለም ከያዘ መኪናዋ ወደ ሰኮሩ ትወጣለች፤ አሁንም ቀይ ከሆነ ፎቶውን አንሥተው ቤንዚኑን ከየት እንደሞሉ ጨምረው ይጻፉልኝ።