በቻይና ቴሲስ ለምትጽፉ፦ ዞቴሮ የኛን ስምና ዘመን አያውቅም

ቻይና ውስጥ ማስተርስ ወይም ፒኤችዲ የምትሠሩ ከሆነ፣ ዩኒቨርሲቲው የሚጠይቃችሁ የዋቢ አጻጻፍ አብዛኛውን ጊዜ ጂቢ/ቲ 7714 የሚባለው ብሔራዊ ስታንዳርድ ነው። ሁለት መልክ አለው፤ አንዱ በቁጥር ቅደም ተከተል፣ ሌላው በደራሲና በዓመት። የትኛውን መልክና የየትኛውን ዓመት እትም እንደሚፈልጉ ጠይቃችሁ ስታይሉን (የአጻጻፍ ደንቡን የያዘውን ፋይል) ዋቢ በሚያደራጀው ፕሮግራም፣ ዞቴሮ ላይ ጫኑ። የ2005 እና የ2015 እትሞች ስታይል በስም ስለሚመሳሰሉ ተሳስቶ መጫን ቀላል ነው።

ደራሲዎቹ ከሦስት ሲበልጡ ሦስቱ ተጽፈው ቀሪው ያጥራል፦ ለቻይንኛ ጽሑፍ «ደንግ»፣ ለእንግሊዝኛ «ኤት አል» ተብሎ። ተራው ስታይል ለሰነዱ በሙሉ አንድ ቋንቋ ብቻ ስለሚጠቀም የእንግሊዝኛው ጽሑፍ ስም መጨረሻ ላይ የቻይንኛ ፊደል ይለጠፋል። መፍትሔው የቻይና ዞቴሮ ተጠቃሚዎች ያዘጋጁትን ባለሁለት ቋንቋ ስታይል መጫን ነው። ይህ ስታይል የሚያየው በእያንዳንዱ ዋቢ ላይ ያለውን የቋንቋ ሳጥን ስለሆነ ሳጥኑን ባዶ አትተዉት። ከቻይናው የጥናት ጽሑፎች ዳታቤዝ ከሲኤንኬአይ የሚመጣውን ቴሲስም አንድ በአንድ እዩ፤ ከዩኒቨርሲቲው ስም ጋር የከተማው ስም መኖር አለበት።

ትልቁ ጣጣ የኛ ስም ነው። አበበ ከበደ የሚባል ደራሲ ስታስገቡ ዞቴሮ ከበደን የቤተሰብ ስም አድርጎ ያስቀድመዋል፣ አበበን ደግሞ ወደ አንዲት ፊደል ያሳጥረዋል። ከስሙ አጠገብ ባለችው ትንሽ ምልክት ሁለቱን ሳጥን ወደ አንድ ቀይሩት፣ ስሙ ሳይቆረጥ ይወጣል። በውጭ ጆርናል ላይ ደራሲው ራሱ በአባቱ ስም ከታተመ ግን እንዳለ ተዉት፤ አንባቢ ዳታቤዝ ላይ የሚፈልገው በዚያ ነው። አንዱን ሰው በሁለቱም መንገድ መጻፍ ግን አይሆንም፤ በደራሲና በዓመት መልክ ዝርዝሩ ውስጥ ሁለት ቦታ ይገባል።

የአማርኛ መጽሐፍ በራሱ ፊደል ይጻፍ፤ ስታንዳርዱ ዋቢን በምንጩ ቋንቋ ማስፈርን ነው የሚመርጠው። ለዓመቱ የጎርጎርዮሱን አስቀድሞ የመጽሐፉን የራሱን ዘመን በቅንፍ ማስገባት ይፈቅዳል፤ ቻይናውያኑ ለድሮው የሪፐብሊክ ዘመናቸው እንደዚያ ያደርጋሉ። ስለዚህ በየካቲት 2001 ዓ.ም. የታተመ መጽሐፍ «2009(2001)» ይሆናል። ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ግድም ከሆነ 7፣ ከዚያ በኋላ 8 ደምሩ። ወሩ ካልተጻፈ 8 ይሻላል፣ ሰፊው የዓመቱ ክፍል እዚያ ላይ ነውና።

ዞቴሮ የቀን ሳጥን ውስጥ የገባ ቅንፍን በትክክል ላያነበው ስለሚችል በሳጥኑ የጎርጎርዮሱን ብቻ ጻፉ። ቅንፉን ቴሲሱ ሲያልቅ፣ የሰነዱን ቅጂ አስቀምጣችሁ፣ በቅጂው ላይ ከዞቴሮ ጋር ያለውን ግንኙነት ካቋረጣችሁ በኋላ በእጅ ጨምሩ። ከዚያ በፊት በእጅ ያረማችሁት ሁሉ ዝርዝሩ በታደሰ ቁጥር ይጠፋል። ደብልዩፒኤስ የተባለው የጽሑፍ ፕሮግራም በቻይና ቢለመድም የዞቴሮ ይፋዊ ፕለጊን ስለማይደግፈው በማይክሮሶፍት ወርድ ጻፉ።