በሮም የአይሁድ ሰፈር በእግር፦ የጠየቃችሁኝና የመለስኩት

ሮም ከገባሁ አሥራ አራት ዓመቴ ነው። ከአዲስ አበባ፣ ከእስራኤልና ከአሜሪካ ለሚመጡ እንግዶች ከጣልያን አስጎብኚዎች ጎን ሆኜ አስተረጉማለሁ። እግሬ እስኪያውቀው የተመላለስኩበት መንገድ የድሮው የአይሁድ ጌቶ፣ አይሁዶች በግድ ተዘግተው ይኖሩበት የነበረው ሰፈር ነው። ባለፈው ሳምንት "ስለዚህ ሰፈር ጠይቁኝ" ብዬ ነበር፤ ጥያቄው እንደ ጉድ ጎረፈ። የሚመሳሰሉትን እያዋሃድኩ መልሻለሁ። ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ሰፈሩ ትንሽ ነው ይባላል። ስልኬ ላይ ካርታ ከፍቼ ብቻዬን ብዞረውስ? አስጎብኚ ምን ያደርግልኛል?

መልስ፦ ትንሽ ነው፣ አልዋሽህም። ከዳር እስከ ዳር በአሥር ደቂቃ ታልፈዋለህ። ችግሩ ምን መሰለህ፣ ልታየው የመጣኸው ነገር የለም። የጌቶው ግንብ በ1848 ፈረሰ። የቀሩት ጠባብና እርጥብ ቤቶች ደግሞ ከ1880ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ አብዛኞቹ ተደመሰሱ። ዛሬ የምታያቸው ሰፋፊ ሕንፃዎችና ትልቁ ምኩራብ የቆሙት በፈረሰው ላይ ነው። "እዚህ ጋ በሩ ነበር፣ ማታ ማታ ይቆለፍ ነበር" የሚልህ ሰው ከሌለ ካፌ አይተህ፣ ፎቶ ተነስተህ ትመለሳለህ።

ድሮ ቤቶቹ ምን ይመስሉ እንደነበር ለማየት ቪያ ዴላ ሬጂኔላ የምትባለዋን ጠባብ መንገድ እለፍባት። ኋላ ላይ ጌቶው ሲሰፋ የተጨመረች ናት፤ ሳትፈርስ ቀርታለች። መሃሏ ላይ ቁምና ወደ ላይ ቀና በል። ሰዉ በዛ፣ መሬቱ ግን አልጨመረም። ስለዚህ ፎቅ በፎቅ ላይ እየደረቡ ወደ ሰማይ ወጡ። የምታየው ሰማይ ከነጠላ ጥለት አይሰፋም።

ጥያቄ፦ በግል መያዝ ውድ አይሆንም? ከቡድን ጋር ብንሄድስ?

መልስ፦ በግል ስትይዙ የምትከፍሉት ለአስጎብኚው ሰዓት እንጂ በነፍስ ወከፍ አይደለም። አራት አምስት ሆናችሁ ከተካፈላችሁት ያን ያህል አይጎዳም። በቡድን ከሄዳችሁ ሃያ ሰው ጆሮው ላይ ማዳመጫ ሰክቶ ባንዲራ ይከተላል፤ ጥያቄ መጠየቅ የለም። እዚህ ሰፈር ላይ ደግሞ ጥያቄ ነው ዋናው። ሦስት ሰዓት ያዙ። ጣልያን ውስጥ ማስጎብኘት ፈቃድ የሚጠይቅ ሥራ ስለሆነ መታወቂያውን አሳየኝ ማለት ነውር አይደለም።

ጥያቄ፦ ለመሆኑ ጌቶ የሚባለው ነገር እንዴት ተጀመረ? አይሁዶቹስ ከየት መጡ?

መልስ፦ ከጌቶው ልጀምር። ቃሉ የቬኒስ ነው፤ እዚያ በ1516 አይሁዶች አንድ ሰፈር ውስጥ ተዘጋባቸው። በሮም ጳውሎስ አራተኛ የተባሉት የካቶሊክ ፖፕ በሐምሌ 1555 አዋጅ አወጡና ያው ነገር መጣ። ቤትና መሬት መያዝ ተከለከለ። ወንዶቹ ቢጫ ባርኔጣ እንዲያደርጉ ታዘዙ። የተፈቀደው ንግድ ከሞላ ጎደል አሮጌ ልብስና ጨርቅ ብቻ ነበር። በእኛ አነጋገር፣ አንድ ሕዝብ በአዋጅ ቁራሌው ሆነ ማለት ነው። ቦታውም የተመረጠ አይደለም፤ የቴቬሬ ወንዝ በሞላ ቁጥር ውሃው ቤት ድረስ ይገባ ነበር። ይህ ኑሮ የጣልያን ጦር በ1870 ሮም ሲገባ ነው ጨርሶ ያበቃው። ሦስት መቶ አሥራ አምስት ዓመት!

አዋጁ ከአንድ ምኩራብ በላይ አይፈቅድም ነበር። ከሲሲሊ፣ ከስፔንና ከካታሎኒያ ተባረው የመጡት ደግሞ የየራሳቸው ሥርዓት አላቸው። ምን አደረጉ? አንድ ሕንፃ ውስጥ አምስት ምኩራብ አስገቡ። ሕጉ አንድ ሕንፃ ብሎ አይቷል፣ እነሱ አምስት ብለው ጸልየዋል። ሕንፃው ዛሬ የለም፤ አደባባዩ ግን እስከ አሁን "አምስቱ ምኩራቦች" ይባላል።

አመጣጣቸውን በተመለከተ፣ ሮም የገቡት ከክርስቶስ ልደት በፊት በሁለተኛው መቶ ዘመን ነው። ቅዱስ ጴጥሮስ ሮም ሳይደርስ እነሱ ነበሩ። አስጎብኚዎቹ ይህን ሲናገሩ ትንሽ ደረታቸውን ይነፋሉ፤ አይፈረድባቸውም።

ጥያቄ፦ በር ላይ የዕብራይስጥ ጽሑፍ ያለበት ቤተ ክርስቲያን አለ ሲባል ሰማሁ። እውነት ነው?

መልስ፦ እውነት ነው። ወንዙ ዳር፣ ከምኩራቡ ፊት ለፊት፣ ሳን ግሬጎሪዮ የምትባል ትንሽ ቤተ ክርስቲያን ናት። ከበሩ በላይ በዕብራይስጥና በላቲን የተጻፈው ከኢሳይያስ 65 ነው፤ "ወደ ዓመፀኛ ሕዝብ ቀኑን ሁሉ እጆቼን ዘረጋሁ" የሚለው። አይሁዶቹ በየሰንበታቸው ሃይማኖታቸውን ቀይሩ የሚል ስብከት እንዲሰሙ ይገደዱ ነበር። የራሳቸውን ነቢይ ቃል በራሳቸው ቋንቋ በራቸው ላይ ለጥፈውባቸው። ጆሯቸውን በሰም ደፍነው ይቀመጡ ነበር ይባላል። እንግዶቼ እዚህ በር ላይ ሲደርሱ ጸጥ ይላሉ። በተለይ መጽሐፍ የሚያውቁት።

ጥያቄ፦ ከአሽዶድ ነኝ፣ ቤተ እስራኤል ነን። አባቴን ይዤ ልመጣ ነው፤ ሰባ አራት ዓመታቸው ነው። ይከብዳቸው ይሆን? ምኩራቡስ ውስጥ መግባት ይቻላል?

መልስ፦ እህቴ፣ መንገዱ ሜዳ ነው፤ ዳገት የለውም። ያ አናዳጅ የሮም ጥቁር ድንጋይ ግን ቁርጭምጭሚት ይጠመዝዛል። ለአባባ ከስር ጠንከር ያለ ጫማ ያስፈልጋቸዋል። አግዳሚ ወንበር በየቦታው አለ።

ምኩራቡ በ1904 ነው የተመረቀው። ጣሪያው ላይ ያለው ጉልላት አራት ማዕዘን ነው። ሮም በክብ ጉልላት የተሞላች ከተማ ናት፤ ይኼኛው ከሩቅ እንዲለይ ተደርጎ ነው የተሠራው። መግቢያው በሥሩ ባለው ሙዚየም በኩል ነው። ፓስፖርት ያዙ፣ ቦርሳም ይፈተሻል። ፍተሻው ጠበቅ ቢል አትቀየሙ፤ በጥቅምት 1982 ታጣቂዎች በሩ ላይ ቦምብ ወርውረው፣ ተኩሰው፣ የሁለት ዓመት ሕፃን ገድለዋል።

ቅዳሜ ሙዚየሙ ዝግ ነው። እኔም አንድ ጊዜ ቀን ሳላጣራ እንግዶች ይዤ ቅዳሜ ሄድኩ። አንዱ ካሜራውን ሲያወጣ በር ላይ የነበሩ ሽማግሌ በጣታቸው ብቻ "አይሆንም" አሉት። አፈርኩ፣ ምን አባቴ ልበል።

ለአባባ ደስ የሚላቸው አንድ ነገር ልንገርሽ። ነባሮቹ የሮም አይሁዶች አሽከናዝም (የጀርመንና የምሥራቅ አውሮፓ አይሁድ) ሴፋርድም (የስፔን አይሁድ) አይደሉም። ቤተ መቅደሱ ሳይፈርስ የመጡ፣ የራሳቸው የጸሎት ሥርዓት ያላቸው ናቸው። "እናንተ ከየትኞቹ ናችሁ?" የሚለውን ጥያቄ እነሱም እንደናንተ ለምደውታል። ጊዜ ካላችሁ ፍሎረንስንም እዩ። የቤተ እስራኤል ወዳጅ የነበሩት አይሁዳዊ ምሁር ዶክተር ፋይትሎቪች ወደ አውሮፓ የወሰዷቸው ታምራት አማኑኤል የተማሩት እዚያ በነበረው የራቢዎች ትምህርት ቤት ነው። በኋላ አዲስ አበባ ላይ በ1923 የተከፈተውን የቤተ እስራኤል ትምህርት ቤት የመሩት እሳቸው ናቸው።

ጥያቄ፦ መንገዱ ላይ ወርቅ የሚመስሉ ትንንሽ ድንጋዮች አየሁ። ምንድን ናቸው?

መልስ፦ ወርቅ አይደሉም፣ ናስ ናቸው። መጠናቸው አሥር በአሥር ሳንቲ ሜትር ነው። ጀርመናዊው ሠዓሊ ጉንተር ዴምኒግ የጀመረው ሥራ ነው፤ ጣልያኖች "የመሰናክል ድንጋይ" ይሏቸዋል። የሚተከሉት ሰውየው ይኖርበት በነበረው ቤት ደጃፍ ላይ ነው። "እዚህ ይኖር ነበር" ይልና ስም፣ የልደት ዓመት፣ የተያዘበት ቀን፣ የሞተበት ቦታ ይከተላል። ለማንበብ ጎንበስ ማለት አለብህ። ቀኑ ብዙዎቹ ላይ አንድ ዓይነት ነው፦ 16.10.1943።

ታሪኩ እንዲህ ነው። በመስከረም 1943 ጀርመኖች ሮምን ያዙ። ኤስ ኤስ የሚባለው የናዚ ኃይል አዛዥ ካፕለር የአይሁዱን ማኅበር መሪዎች ጠራና በ36 ሰዓት ውስጥ ሃምሳ ኪሎ ወርቅ አምጡ፣ አለዚያ ሁለት መቶ ሰው እወስዳለሁ አለ። ሰዉ ቀለበቱን፣ ሐብሉን ይዞ ምኩራቡ ጋ ተሰለፈ። ክርስቲያን ጎረቤቶችም አዋጡ። ወርቁ ሞላ፣ ተመዘነ፣ ተረከበ። ሦስት ሳምንት እንኳ ሳይሞላ፣ ጥቅምት 5 ቀን በእኛ፣ ቅዳሜ ሊነጋጋ ሲል፣ ዝናብ እየጣለ ሰፈሩ ተከበበ። ከመላው ከተማ ከሺህ በላይ ሰው ወደ ናዚዎቹ የሞት ካምፕ፣ ወደ አውሽቪትዝ ተጫነ። የተመለሱት አሥራ ስድስት ናቸው። ከእነዚያ ሴት አንዲት ብቻ ነበረች። ከሁለት መቶ በላይ ሕፃናት ተወስደው አንድም አልተመለሰም።

አንድ ጠዋት አንዲት አሮጊት በሎሚና በጨርቅ አንዱን ድንጋይ ሲወለውሉ አየሁ። አስጎብኚያችን ወሬውን አቁሞ ጠበቃቸው። እሳቸው እኛን ቀና ብለው እንኳ አላዩንም። ሲጨርሱ ጨርቁን አጥፈው ቦርሳቸው ውስጥ ከተቱና ወደ ዳቦ ቤቱ ሄዱ።

ጥያቄ፦ ይህ ሁሉ ሐዘን ለልጆች አይከብድም? የስምንት ዓመት ልጅ አለኝ።

መልስ፦ ለዚህ ነው የግል የሚሻለው፤ አስጎብኚውን ቀድመህ ትነግረዋለህ። ለልጁ የኤሊዎቹን ምንጭ አሳየው። አራት ወጣቶች ኤሊዎችን ወደ ላይኛው ገንዳ ሲገፉ ይታያል። ፖርቲኮ ዲ ኦታቪያ የሚባለው የጥንት ፍርስራሽ ላይ ደግሞ የዓሣ ገበያው ድንጋይ አለ። ከዚህ ድንጋይ የረዘመ ዓሣ ከተገኘ ጭንቅላቱ ለከተማው ሹማምንት ይሰጥ ይላል። ልጆች ይህን ሲሰሙ ቁመታቸውን ይለኩበታል።

ድልድዩን ተሻግራችሁም ወንዙ መሃል ወዳለችው ደሴት ግቡ። እዚያ ያለው ሆስፒታል ሐኪሞች በ1943 "የኬ በሽታ" የሚባል የሌለ በሽታ ፈጥረው አይሁዶችን በሕመምተኛ ስም ደብቀዋል። ጀርመኖቹ ተላላፊ ነው ሲባሉ ክፍሉን ሳይረግጡ ሄዱ። የኔ እንግዶች በጣም የሚስቁት እዚህ ላይ ነው።

ጥያቄ፦ ከእኛ ታሪክ ጋር የሚያገናኘው ነገር አለ? ወይስ የነሱ ብቻ ነው?

መልስ፦ አለ። ብዙ አስጎብኚ ግን ካልጠየቅከው አያነሳውም። ሙሶሊኒ በአይሁዶች ላይ የዘር ሕግ ያወጣው በ1938 ነው። ከትምህርት ቤት ተባረሩ፣ ከሥራ ተባረሩ፣ ከጣልያን ጋር መጋባት ተከለከሉ። ከዚያ በፊት፣ በሚያዝያ 1937፣ ጣልያናዊ ከኢትዮጵያዊት ወይም ከኤርትራዊት ጋር እንደ ባልና ሚስት ከኖረ እስር ይጠብቀዋል የሚል ሕግ ወጥቷል። የግራዚያኒ ጭፍጨፋ በተፈጸመ በሁለት ወሩ ማለት ነው። እኛ ላይ የተጻፈው ሕግ ቀደመ። የኛ ሰው ይህን ሲሰማ የሰፈሩ ግድግዳ ሌላ ይመስለዋል፤ እኔም እንደዛው ነበርኩ።

የአክሱም ሐውልት ቆሞ የነበረበትን ፖርታ ካፔና አደባባይም ከዚያው በእግር ትደርስበታለህ። በ2005 ወደ አገሩ ስለተመለሰ አሁን ሐውልቱን እዚያ አታየውም።

ጥያቄ፦ ጾም ላይ ነኝ። እዚያ ምን ይበላል?

መልስ፦ ዕድለኛ ነሽ። የሰፈሩ ታዋቂ ምግብ ካርቾፎ የሚሉት አትክልት ነው። እንዳለ ዘይት ውስጥ ሁለት ጊዜ ይጠበስና እንደ አበባ ይፈነዳል። ቅቤ የለ፣ እንቁላል የለ። ወቅቱም ከዐቢይ ጾም ጋር ይገጥማል። ቅጠሉን እንደ ቆሎ ታፈሺዋለሽ። ጥግ ላይ ካለችው ምልክት የሌላት ዳቦ ቤት ደግሞ ላዩ ያረረ፣ ዘቢብና ለውዝ የሞላበት ጣፋጭ ግዢ። ሳየው ተቃጥሎባቸው መስሎኝ ነበር። እንደዛው ነው የሚሠራው።

ጥያቄ፦ ከተርሚኒ፣ ከዋናው ባቡር ጣቢያ፣ እንዴት እደርሳለሁ?

መልስ፦ 40 ወይም 64 ቁጥር አውቶቡስ ይዘህ ላርጎ አርጀንቲና ውረድ፤ ከዚያ አምስት ደቂቃ በእግር ነው። 64 ላይ ቦርሳህን ከፊት አድርግ። ሮም የገባሁ ሰሞን ስልኬን የተሰናበትኩት እዚያ ላይ ነው።